የሟች ዋጋ ወይስ የኗሪ ቀለብ? በመኪና አደጋ ለሞተ ሰው ቤተ ሰብ ስለሚከፈለው ካሣ

በ2005 ዓ.ም. የወጣው የሦስተኛ ወገን የመድን አዋጅ ቊጥር 799 ሲነበብ ሁለት የገንዘብ መጠኖች ጎን ለጎን ቆመው ይገኛሉ። አንድ መኪና መንገድ ስቶ የሰው ሱቅ ቢያፈርስ መድን ሰጪው እስከ 100,000 ብር ይከፍላል፤ ያው መኪና በሱቁ ደጃፍ የተቀመጠውን ሰው ቢገድል ግን ለሟች ቤተ ሰብ የሚከፈለው ከ5,000 ብር የማያንስ፣ ከ40,000 ብርም የማይበልጥ ነው። ይህንኑ መጠን አስቀድሞ በ2000 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቊጥር 559 ይዞት ነበር። ከዚያ ወዲህ መጠኑ በደንብ ከፍ እንዲል ስለ ተደረገ ዛሬ የሚሠራበት ይህ አይደለም። ነገር ግን ከዐሥር ዓመት በላይ የብዙ ሰው ሞት የተካሰው በዚህ ልክ ነው።

ይህን ያነበበ ሰው «ሕጉ ግንብን ከሰው አስበለጠን?» ብሎ ሊቈጣ ይችላል። እኔም መጀመሪያ ሳነበው ተቈጥቼ ነበር፤ ነገር ግን ቊጣ ለሒስ አይበቃም። መድን ሰጪው የሚከፍለው የዕዳው ሙሉ ልክ አይደለም፤ ከዚያ በላይ ያለውን ጉዳት ቤተ ሰቡ በፍትሐ ብሔር ሕግ መሠረት ከመኪናው ባለቤት ሊጠይቅ ይችላል። ስለዚህ ሊመረመር የሚገባው የመድኑ አዋጅ ብቻ ሳይሆን ከበስተኋላው የቆመው ዋናው ሕግ፣ ይኸውም በ1952 ዓ.ም. ታውጆ ከመስከረም 1 ቀን 1953 ዓ.ም. ጀምሮ የጸናው የፍትሐ ብሔር ሕጋችን ነው። እንደ እኔ አስተያየት ይህ ሕግ በአንዱ ቊጥሩ ካሣውን የኗሪዎች ቀለብ አድርጎ ሲያበቃ፣ በሌሎቹ ቊጥሮችና በእኛም አሠራር ምክንያት ካሣው ተመልሶ የሟች ዋጋ ሆኗል።

በመጀመሪያ ሊመሰገን የሚገባውን እናመስግን። ረቂቁን ያዘጋጁት ፈረንሳዊው የሕግ ሊቅ ረኔ ዳቪድ ከውል ውጭ ስለሚደርስ ኃላፊነት ሲጽፉ መኪናን ከተራ ዕቃ ለይተው አይተውታል። በቊጥር 2081 መሠረት የመኪና ባለቤት መኪናው ላደረሰው ጉዳት ኃላፊ ነው፤ የነዳው ሰው እንዲነዳ ያልተፈቀደለት ቢሆንም እንኳ ኃላፊነቱ አይቀርለትም። የሚድነው መኪናው በዚያን ጊዜ ተሰርቆበት እንደ ነበረ ያስረዳ እንደ ሆነ ነው። «ጥፋቱ የሾፌሩ ነው፤ እኔ በስፍራው አልነበርሁም» ማለት አያዋጣውም። ቊጥር 2086ም በዚሁ ላይ ሲጨምር ባለቤቱ «አላጠፋሁም» ወይም «ሌላ ሰው ነው ያጠፋው» በማለት ነፃ እንደማይወጣ፣ ኃላፊነቱ የሚቀርለት ወይም የሚቀነስለት በተጐጂው በራሱ ጥፋት መሆኑን ይናገራል። ይህ ለድኻ ትልቅ ነገር ነው። ባሏ በደብረ ብርሃን መንገድ ላይ የሞተባት ሴት ፍሬኑ ይሥራ አይሥራ፣ ሾፌሩ ያንቀላፋ አያንቀላፋ ማስረዳት አይጠበቅባትም፤ ባሏን የገደለው ያ መኪና መሆኑን ብታስረዳ ይበቃታል።

«የተጐጂው ጥፋት» የሚለው ቀዳዳ ግን ከታሰበው ይልቅ ሰፊ መሆኑን ሳልጠቅስ አላልፍም። በአዲስ አበባ በመኪና ከሚሞቱት አብዛኞቹ እግረኞች ናቸው፤ መሻገሪያ ባልተበጀበት ሰፊ ጐዳና የሚሻገር እግረኛ ሁሉ ደግሞ ጥፋተኛ ሊባል ይችላል። መንገዱን ያሠራው ክፍል መሻገሪያውን ሳያበጅ ቢቀር ጉድለቱ ከሟች ልጆች ካሣ ላይ ይቀነሳል ማለት ነው።

አሁን ወደ ዋናው ነገር እንምጣ። ቊጥር 2095 ሰው በአደጋ የሞተ እንደ ሆነ ባል ወይም ሚስት፣ ወደ ላይ የሚቈጠሩ ወላጆችና ወደ ታች የሚቈጠሩ ተወላጆች በሞቱ ምክንያት ለደረሰባቸው ጉዳት በገዛ ስማቸው ካሣ ሊጠይቁ እንደሚችሉ ይደነግጋል። «በገዛ ስማቸው» የሚለው ቃል በችኮላ የሚታለፍ አይደለም። ካሣው ከሟች የሚወረስ ሀብት አይደለም ማለት ነው፤ ስለዚህ የሟች ባለዕዳ እጁን ሊዘረጋበት አይገባም፤ ሚስቲቱም የምትጠይቀው የሞተውን ሰው ወክላ ሳይሆን ራሷ ተጐድታ ነው። እንደዚሁም ካሣው የሚሰጠው በቀለብ መልክ እንዲሆን ሕጉ አዝዟል። እዚህ ላይ ሕጉ «ይህ ሰው ስንት ያወጣ ነበር?» ብሎ አልጠየቀም፤ የጠየቀው «እነዚህ ሰዎች ከእንግዲህ ምን በልተው ያድራሉ?» ብሎ ነው። ከአገራችን የፍትሐ ብሔር ሕግ ቊጥሮች ሁሉ ይህን ያህል ወደ ድኻ ቤት ቀርቦ የተጻፈ ብዙ አላገኘሁም።

በሥራ ላይ ስንመለከተው ግን ሌላ ነው። ዳኞች ብዙውን ጊዜ የሟችን የወር ገቢ ይይዙና በዐሥራ ሁለት ወር፣ ቀጥሎም ሊሠራ ይችል በነበረው ዓመት አባዝተው፣ በርትዕ አስተካክለው በአንድ ጊዜ የሚከፈል ገንዘብ ይፈርዳሉ። ሒሳቡን እንሞክረው። ዕድሜው 35 ዓመት የሆነ፣ በወር 4,500 ብር የሚያገኝ ግንበኛ ሚስቱንና ሦስት ልጆቹን ትቶ በመኪና ሞተ እንበል። ከገቢው ሲሶውን፣ ማለት 1,500 ብሩን፣ ለራሱ ያውለው ነበር ብንል ለቤቱ የሚተርፈው በወር 3,000 ብር፣ በዓመት 36,000 ብር ነው። እስከ 60 ዓመቱ ይሠራ ነበር ብንል የ25 ዓመቱ 900,000 ብር ይሆናል። በ2005ቱ አዋጅ የተጻፈው ከፍተኛ መጠን፣ 40,000 ብር፣ ይህን ቤት የሚያኖረው አንድ ዓመት ከአንድ ወር ከጥቂት ቀን ነው፤ ዝቅተኛው 5,000 ብር ደግሞ ሁለት ወር አይሞላም። ቀሪውን ከባለቤቱ ጠይቁ ቢባል፣ ባለቤቱ ከዚያች ከተጋጨች መኪና በቀር ሌላ ንብረት የሌለው፣ እርሷንም በብድር የገዛ ሰው ሊሆን ይችላል። ፍርዱ በወረቀት ላይ 900,000 ቢል እንኳ ከአፈጻጸም ችሎት የሚገኘው የመኪናዋ ብረት ነው። ስለዚህ በሕግ «የመድን ሰጪው ጣራ» የተባለው በኑሮ የካሣው ጣራ ሆኖ ይቀራል።

ገንዘቡ በአንድ ጊዜ መከፈሉን የሚደግፉ ሰዎች የሚያቀርቡት ምክንያት ከንቱ አይደለም። «በየወሩ ይከፈል ብትል ሚስቲቱ ባለዕዳውን ከጐንደር እስከ ሞያሌ ስታሳድድ ልትኖር ነው፤ ይልቅስ ያለውን አንድ ጊዜ ይክፈላትና ትገላገል» ይላሉ። ይህን ቃል ከጠበቆች አፍ ሰምቻለሁ፤ እውነትነት አለው። ነገር ግን በአንድ ጊዜ የተሰጠ ገንዘብ ምን እንደሚሆን ደግሞ ሁላችንም እናውቃለን። ከፊሉ ለቀብርና ለተዝካር የተበደሩት ይከፈልበታል፤ ከፊሉ ለጠበቃና ለመመላለሻ ይሄዳል፤ በቀረው ላይ የሟች ወገንና የሚስት ወገን ይጣላሉ። በስድስት ዓመቷ አባቷ የሞተባት ልጅ በዐሥራ አምስት ዓመቷ የትምህርት ቤት ወጪ ሲያስፈልጋት ካሣው ስሙ እንጂ ራሱ አይገኝም። በዚህ ላይ የብር ዋጋ እየወደቀ ሲሄድ ዛሬ የተቈጠረው የ25 ዓመት ቀለብ በአምስት ዓመት ውስጥ የእህል ዋጋ እንኳ አይሸፍንም። ቀለብ ሲባል በባሕርዩ ከሰጪው አቅምና ከተቀባዩ ችግር ጋር የሚከለስ ነገር ነው፤ ሕጉ ቃሉን የመረጠው ያለ ምክንያት አይመስለኝም።

ወደ ሁለተኛው ጉድለት ልለፍ። ቊጥር 2095 የዘረዘራቸው የትዳር ጓደኛ፣ ወላጅና ተወላጅ ናቸው፤ ወንድምና እኅት በዝርዝሩ ውስጥ የሉም። ይህ በፓሪስ ለሚኖር ቤተ ሰብ ትክክል ሊሆን ይችላል፤ በመርካቶ ወይም በደሴ ለሚኖር ግን አይደለም። ይህን መጽሔት የምታነቡ ጓደኞቼ ሆይ፣ እስቲ ራሳችንን እንጠይቅ፤ ከእኛ መካከል ስንቶቻችን ነን በታላቅ ወንድም የሹፍርና ደመወዝ ወይም በታላቅ እኅት የጉልት ትርፍ የተማርን? አባት በሌለበት ቤት ታላቅ ወንድም አባት ነው፤ «ጋሼ» እያልን የምንጠራውም በከንቱ አይደለም። እርሱ በመኪና ቢሞት ግን ሕጉ ለእኛ «ተጐጂ» የሚል ስም የለውም። ይህን ይበልጥ አስገራሚ የሚያደርገው ደግሞ ሕጋችን በሌላ ስፍራው፣ በቤተ ሰብ ክፍሉ፣ ወንድማማችና እኅትማማች እርስ በርሳቸው ቀለብ የመስጠት ግዴታ እንዳለባቸው መደንገጉ ነው፤ በ1992 ዓ.ም. የተሻሻለው የቤተ ሰብ ሕግም ይህን ግዴታ ጠብቆታል። በሕይወት ሳለ «ወንድምህን አብላ» ተብሎ የታዘዘ ሰው ሲሞት «ወንድምህ በአንተ ሞት ምንም አልቀረበትም» ማለት እንዴት ሊስማማ ይችላል? አንዱ እጅ የጻፈውን ሌላው እጅ ሰርዞታል።

ይህ ጉዳይ በእኛ ብቻ የደረሰ አይደለም። በእንግሊዝ አገር የሟች ቤተ ሰብ ለደረሰበት ጉዳት ካሣ እንዲጠይቅ መብት የተሰጠው እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ1846 በወጣው ሕግ ነው፤ ጊዜውም የባቡር ሐዲድ በየስፍራው የሚዘረጋበት ነበር። ያ ሕግ በመጀመሪያ የሚያውቀው ባልና ሚስትን፣ ወላጅንና ልጅን ብቻ ነበር፤ በ1959 ግን ወንድምንና እኅትን እስከ አጎትና አክስት ድረስ ጨመረ። እንግዲህ የእኛ ሕግ በታወጀበት ዘመን እንግሊዞች ዝርዝሩን አስፍተውት ነበር ማለት ነው። ረቂቁ የመጣበት የፈረንሳይ አገርም ቢሆን ቆሞ አልቀረም፤ በ1985 ባወጣው የመንገድ አደጋ ሕግ መድን ሰጪው አደጋው በደረሰ በስምንት ወር ውስጥ ለሟች ቤተ ሰብ የካሣ ሐሳብ እንዲያቀርብ አስገድዷል። እኛ ከዚያ አገር የተቀበልነውን እንደ ታቦት ስናኖረው እነርሱ ግን አድሰውታል።

ሦስተኛው የኅሊና ጉዳት የተባለው ነው። ሕጉ በመሠረቱ ኀዘን በገንዘብ አይካስም የሚል ነው፤ ለይቶ በፈቀደው ጊዜ ብቻ፣ ከእነዚህም አንዱ በሆነው በሞት ጊዜ (ቊጥር 2113) ዳኛው ለሟች ቤተ ሰብ ተገቢውን ካሣ ሊፈርድ ይችላል። መጠኑን ሲወስንም የአካባቢውን ልማድ እንዲመለከት በቊጥር 2116 ተነግሮታል። እዚህ ድረስ መልካም ነው። ወዲያው ግን በዚያው ቊጥር ሦስተኛ ንኡስ ክፍል ካሣው በምንም ምክንያት ከ1,000 የኢትዮጵያ ብር እንዳይበልጥ ታዘዘ። ያን ጊዜ አንድ የአሜሪካ ዶላር በሁለት ብር ተኩል ገደማ ይመነዘር ስለ ነበር 1,000 ብር ወደ 400 ዶላር ይሆን ነበር፤ ለኀዘን ባይበቃም ገንዘብ ነበር። ዛሬ ያው 1,000 ብር ዐሥር ዶላር አይሞላም። ከላይ በተናገርነው የግንበኛው ቤት ሒሳብ የዐሥር ቀን ቀለብ ነው። ጥፋቱ ቊጥሩ ማነሱ አይደለም፤ ጥፋቱ በሕግ ውስጥ ቊጥር መጻፉ ነው። መለኪያ ቢጻፍ ኖሮ፣ ለምሳሌ «የሟች የይህን ያህል ወር ገቢ» ቢባል ኖሮ፣ ከኑሮው ጋር አብሮ በተጓዘ ነበር።

ስለ ልማዱም አንድ ነገር ልጨምር። ሕጉ ዳኛውን ወደ ልማድ ከላከው በኋላ በ1,000 ብር አጥር ከልሎ መልሶታል፤ ምክንያቱም ልማዱ በዚህ አጥር ውስጥ አይገባም። በኦሮሞ ዘንድ ጉማ፣ በአማራው አገር ደም ማድረቅ የሚባለው ሥርዓት ካሣውን በከብት ወይም በብዙ ገንዘብ ሲቈጥር የኖረ ነው። ከዚህም ይልቅ የሚያስደንቀው ጉማውን ገዳዩ ብቻውን አለመክፈሉ ነው፤ ጎሣው ያዋጣለታል። ይህ እንግዲህ ከመድን በምን ይለያል? የአንዱን ዕዳ ብዙዎች ሲሸከሙት ቤተ ሰቡም ሙሉ ካሣ ያገኛል፤ ከፋዩም አይጠፋም። አባቶቻችን የመድን ድርጅት ሳያውቁ መድንን አውቀውታል ለማለት ይቻላል። ጉማ ዋጋ ተማኝ ነው ተብሎ ሊነቀፍ ይችላል፤ በብዙ ስፍራ ለሴት ከወንድ ያነሰ መቈጠሩም እውነት ነው፤ ይህን አልሸፍንም።

ከሁሉ የከፋው ግን በሕግ መጽሐፍ ላይ አይገኝም፤ የሚገኘው በለቅሶ ድንኳን ውስጥ ነው። ሾፌሩ ታስሯል። በ1996 ዓ.ም. የወንጀል ሕግ ቊጥር 543 መሠረት በቸልተኝነት ሰው መግደል ያስቀጣል፤ ከአንድ ሰው በላይ የሞተ ወይም ሾፌሩ ደንብን አውቆ የጣሰ እንደ ሆነ ቅጣቱ ከአምስት እስከ ዐሥራ አምስት ዓመት ጽኑ እስራት ይደርሳል። በዚያው ሕግ ቊጥር 82 ደግሞ ተከሳሽ ተጸጽቶ ጉዳቱን በተቻለው መጠን የካሰ እንደ ሆነ ቅጣቱ ይቀልለታል። ስለዚህ የሾፌሩ ዘመዶችና የመኪናው ባለቤት ሽማግሌ ይዘው ይመጣሉ። ሦስተኛው ቀን ገና አላለፈም፤ ሚስቲቱ ነጠላዋን እንዳዘቀዘቀች ተቀምጣለች። ሽማግሌዎቹም «ልጃችን ሆን ብሎ አላደረገውም፤ የእግዜር ቊጣ ነው፤ ለቀብሩ ያወጣችሁትን እንተካ፤ ለልጆቹም ትንሽ ነገር እንጨምር» ይላሉ። ከዚያ በኋላ አንድ ወረቀት ይወጣል፤ «ታርቀናል፤ ከእንግዲህ ወዲህ የምንጠይቀው የለም» ይላል። የሟች ታላቅ ወንድም ይፈርማል፤ ሚስቲቱም ጣቷን ታትማለች።

ይህ ወረቀት ለሾፌሩ የቅጣት ማቅለያ ነው፤ ለሚስቲቱ ግን ምንድን ነው? በፍትሐ ብሔር ሕጋችን ግልግል የተባለው ውል በተዋዋዮቹ መካከል እንደ መጨረሻ ፍርድ የጸና ነው (ቊጥር 3312)። የመኪናው ባለቤት ከሁለት ዓመት በኋላ ተከሶ ቢቀርብ ያንን ወረቀት ከኪሱ ያወጣዋል። በቊጥር 2095 «በገዛ ስሟ» የተሰጣት መብት በድንኳን ውስጥ አለቀ ማለት ነው። የገንዘቡም ልክ የተቈረጠው በልጆቹ ረኃብ አይደለም፤ በሾፌሩ ፍርሃት ነው። ክሱ የከበደ እንደ ሆነ ገንዘቡ ይጨምራል፤ ክሱ የቀለለ እንደ ሆነ ይቀንሳል፤ ሟች ስንት ልጅ እንደ ነበረው የሚጠይቅ የለም። እርቅን የማቃልል እንዳልመስል እፈራለሁ። እርቅ ደም እንዳይመለስ ያደርጋል፤ በገጠር የሟች ወንድሞች ከሾፌሩ ዘመዶች ጋር በአንድ ገበያ መዋል እንዲችሉ ያደርጋል፤ ይህን የፍርድ ቤት ውሳኔ አይሰጥም። የምቃወመው እርቁንና የካሣውን መብት በአንድ ወረቀት ማሰርን ነው። ይቅርታ የምታደርገው ሚስቲቱ ልትሆን ትችላለች፤ የስድስት ዓመት ልጇን ቀለብ ይቅር ለማለት ግን ዳኛ ሳያየው ሥልጣን ሊኖራት አይገባም።

ፍርድ ቤት ይሂዱ ለሚሉ በ1954 ዓ.ም. የወጣው የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ በቊጥር 154 ተጐጂው በወንጀሉ ክስ ላይ የካሣ ጥያቄውን አጣምሮ እንዲያቀርብ ፈቅዶለታል። ጥሩ በር ነው፤ የሚገባበት ግን ጥቂት ነው፤ ዐቃቤ ሕጉ የራሱን ክስ ያያል፣ ሚስቲቱም በሩ መኖሩን የሚነግራት የለም። ለብቻው የሚቀርበው ክስ ደግሞ በቊጥር 2143 መሠረት በሁለት ዓመት ይርጋ ይታገዳል፤ ወንጀሉ የረዘመ ይርጋ ያለው እንደ ሆነ ነው የሚራዘመው።

እንግዲህ ምን ይደረግ? የ1,000 ብሩ ጣራ መሰረዝ አለበት፤ በዚህ ብዙ ክርክር ያለ አይመስለኝም። በቊጥር 2095 ዝርዝር ላይም ሟች በእውነት ያበላው የነበረ ወንድምና እኅት መጨመር ይገባዋል፤ ያበላቸው እንደ ነበረ ማስረዳት የእነርሱ ፈንታ ነው። አስቸጋሪው የቀለቡ ነገር ነው። መንግሥት የሠራተኛው ሚስትና ልጆች የጡረታ አበል በየወሩ እንዲቀበሉ ካደረገ ብዙ ዘመን ሆኖታል፤ በየወሩ መክፈል የማይቻል ነገር አይደለም። በ2000ው አዋጅ ገጭቶ ባመለጠና መድን በሌለው መኪና ለተጐዱ ሰዎች የተቋቋመው የመድን ፈንድም ዛሬ በመንገድ ደኅንነትና መድን ፈንድ አገልግሎት ሥር ይገኛል። መድን ሰጪውም ሆነ ባለቤቱ የተፈረደበትን ገንዘብ ለእንዲህ ያለ ክፍል ቢያስገባና ክፍሉ ለሚስቲቱና ለልጆቹ በየወሩ ቢያድል፣ ከጐንደር እስከ ሞያሌ ማሳደዱ ይቀር ነበር። በድንኳን የሚፈረመውም ወረቀት ለእርቁ ይጽና፤ ለካሣው ግን ከሰማንያው ቀን በኋላ በዳኛ ፊት ካልተነበበ አይጽና።

የመድን ሰዎች «ይህ ሁሉ ሲሆን የዓመቱ የመድን ክፍያ ይጨምራል፤ ባለታክሲውም በተሳፋሪው ላይ ይጭነዋል» ማለታቸው አይቀርም። እውነት ነው፤ ይጨምራል። ምን ያህል እንደሚጨምር ግን የሚያውቁት እነርሱ ናቸው፤ በየዓመቱ ስንት ሰብስበው ለስንት ሟች ስንት እንደ ከፈሉ መዝገባቸውን ለተመራማሪ ቢከፍቱ፣ ከዚህ መጽሔት ቀጣይ ዕትሞች በአንዱ ላይ ክርክሩን በቊጥር ለመቀጠል ፈቃደኛ ነኝ።